በሙታን ወረቀት ላይ አርባ ሕያዋን

ቢላዋው መጀመሪያ ካፖርቷን ቀደደ። ቀጥሎ ጎኗን አገኘ።

ቴያኖ አልጮኸችም። ጩኸት ሰው ይሰበስባል። ሰው ሲሰበሰብ ፖሊስ ይመጣል። ፖሊስ ከመጣ ይፈትሻል። እሷ ደግሞ በውስጥ ልብሷ ደብቃ የያዘችው ወረቀት ከተገኘ ዛሬውኑ ግድግዳ ጋ አቁሞ የሚያስረሽናት ነው።

የሰውየውን የእጅ አንጓ ያዘች። በአሣ መሸጫው የእምነበረድ ጠርዝ ላይ አጋጨችው። አንዴ። ሁለቴ። በሁለተኛው አጥንቱ ቀጭ ሲል ተሰማት። ቢላዋው ከአሣ ቅርፊቱ መሃል ወደቀ።

ሁለተኛው ከኋላ ፀጉሯን ጨመደዳት።

የባርኔጣዋን መርፌ መዘዘች። ረጅም ነው፣ ብረት ነው። ወደ ዓይኑ ሰነዘረችው።

«ይሄ ለሕዝቡ ነው፣ አንቺ ባንዳ!» አላት በጆሮዋ።

እጇ አየር ላይ ቆመ።

ጀርመኖቹ «ለሕዝቡ» አይሉም። አገልጋዮቻቸውም አይሉም። እነዚህ ሁለቱ ወገኖቿ ናቸው። የምትሠራላቸው፣ ስምንት ወር ሙሉ ከጠላት ጋር የተቀመጠችላቸው የገዛ ወገኖቿ! እንዴት ብላ ዓይኑን ታፍስሰው? መርፌውን ወደ ታች አወረደችና ጭኑ ላይ ሰካችው። እስከ ራሱ ገባ። ሰውየው እየጮኸ ለቀቃት።

ሮጠች።

ጊዜው በፈረንጆቹ 1944፣ የካቲት ነው። ቦታው የፒሬዎስ ወደብ፣ ከባሕሩ ማዶ ከትንሿ እስያ የተሰደዱት ግሪኮች የሚኖሩበት ሰፈር። ጀርመኖች ከገቡ ሦስት ዓመት ሊሞላቸው ነው። አምና ደግሞ ለራሳቸው የሚገድልላቸው የግሪኮች ሻለቃ ጦር አቋቁመዋል። የዚህ ሻለቃ ወታደሮች የአገሩን ባህላዊ አጭር ቀሚስ ለብሰው የጀርመን ጠመንጃ ይይዛሉ። ሰፈሩ «ቀሚስ ለባሾቹ» ይላቸዋል፤ ከዚያ በላይ የሚላቸውን እዚህ መጻፍ ነውር ነው። ቴያኖ ቭሬቱ የነሱ ጽሕፈት ቤት ታይፒስት ናት። ሰፈሩ እሷንም ስም አውጥቶላታል።

እውነተኛውን የሥራ ስሟን የሚያውቅ ግን አንድ ሰው ብቻ ነበር። «መርፌ» ይላታል። እሷ ደግሞ «ደወል» ትለዋለች።

ሥራው እንዲህ ነው። የሚያዙ ሰዎች ዝርዝር እንድትመታ ሲሰጣት አንድ ትርፍ ካርቦንና አንድ ትርፍ ወረቀት ትጨምራለች። ትርፉን ቅጂ ከአሣ ተራው ጀርባ በቦምብ በፈረሰው ዳቦ ቤት የጢስ መውጫ ውስጥ ትሸጉጠዋለች። ደወል ወስዶ ስማቸው ያለባቸውን ሰዎች በየተደበቁበት ፈልጎ ያስጠነቅቃል። እነሱም አንድ በአንድ ሰፈሩ ዳር ወዳለው ጡብ ፋብሪካ ይሄዳሉ። ከዚያ ጋሪ ወደ ተራራው፣ ወደ አርበኞቹ ያወጣቸዋል። ከተራራ ደብዳቤ አይመጣም። ማንም «የት ደረሱ?» ብሎ አይጠይቅም። ደንቡ ነው።

ይህ የጡብ ፋብሪካው መንገድ ከተከፈተ፣ ከኅዳር ወዲህ፣ አሥራ አንድ ሰው ወጥቷል።

ከነሱ ሰባተኛው ሰው የገዛ ወንድሟ ነበር። አኪንዲኖስ፣ የሃያ ሁለት ዓመት ልጅ፣ እናታቸው በረሃቡ ዓመት ከሞተች ወዲህ የቀራት ብቸኛ ሥጋዋ። ስሙን በታኅሣሥ ወር ራሷ ናት በታይፕ የመታችው። አለቃዋ ሻምበል ማላፔታስ ከጀርባዋ ቆሞ ሲጋራ ያጨስ ስለነበር ሳታቋርጥ ወደሚቀጥለው ስም አለፈች። ከዚያ ወዲህ ደወል በወር አንዴ ሲያገኛት የወንድሟን ሰላምታ ያመጣላታል። «ፂም አብቅሏል፤ ብታዪው አታውቂውም። እግሬን በረደኝ፣ ካልሲ ላኪልኝ ይልሻል» አላት አንድ ቀን። ሦስት ቀን ሙሉ በሹራብ መርፌ ስትሠራ ሰነበተችና ግራጫ የሱፍ ካልሲ ላከችለት።

የዛሬው ዝርዝር አርባ ሰው ነው። እንዲህ የበዛ አይታ አታውቅም። ነገ እሑድ ጎህ ሲቀድ ሰፈሩ ይከበባል። ወረቀቱን ወደ ጢስ መውጫው ልታደርስ ስትል ነው እነዚያ ሁለቱ የደረሱባት።

ከኋላዋ የሚያነክስ ሩጫ ይሰማል። ከፊቷ መታጠፊያው ላይ ቀሚስ ለባሾች ቆመው መታወቂያ ያያሉ። ጎኗ እየደማ ነው። በስተግራ የቅድስት ፔላጊያ ቤተ ክርስቲያን በር ወለል ብሎ ተከፍቷል።

ገባች።

ቀኑ የነፍሳት ቅዳሜ ነው፤ ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት የሞቱት ሁሉ የሚታሰቡበት። ቤተ ክርስቲያኑ ጢም ብሏል። ሁሉም ጥቁር ለብሷል። መሃል ላይ ባለው ጠረጴዛ የተቀቀለው ስንዴ በየሳህኑ ተደርድሯል፤ ስንዴ ይባል እንጂ ዘንድሮ አብዛኛው ገብስ ነው።

«ማን መጣች በሉ!» አለች አንዷ። «የቀሚሶቹ ሙሽራ!»

«ልትጸልይ ነው ወይስ ስማችንን ልትመዘግብ?»

«ዝም በይ፣ ትሰማሻለች።»

«ትስማ! ልጄን በልተዋል፤ ከዚህ ወዲያ ምን ያመጣሉ?»

ሌላዋ ወደ ቴያኖ ቀረበች። እጅጌዋ ላይ ተፋችባት።

ቴያኖ ምራቁን ሳትጠርግ ቆመች። ሴቶቹ ራቅ ራቅ ስላሉላት ዙሪያዋ ባዶ ሆነ። ግድግዳውን ተደግፋ ካፖርቷን ጎኗ ላይ ጭምቅ አድርጋ ያዘች። እነዚያ ሁለቱ እዚህ አይገቡም። ትንሽ ትቆይና በጎን በር ትወጣለች። ሌላ አላሰበችም።

በሩ አጠገብ ሻማ የሚሸጠው ሰው ቀና ሲል ዓይን ለዓይን ተጋጩ።

ፓንዴሊስ። የሃምሳ ስምንት ዓመት ሰው፣ ሚስቱ የሞተችበት፣ የቤተ ክርስቲያኑ አገልጋይ። ሰፈሩ ሁሉ «ጋሽ ፓንዴሊስ» የሚለው፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማይናገር ጨዋ። ደወል ማለት እሱ ነው። «እዚህ እንዳትመጪ፤ ሰው አብረን እንዳያየን» ብሎ የከለከላት እሱ ነው። ስምንት ወር እግሯ ይህን ደጃፍ ረግጦ አያውቅም።

እጁ ሻማዎቹ ላይ ደርቆ ቀረ። ፊቱ አመድ መሰለ። ፊቱን አዞረ።

ጥንቃቄ መሰላት።

በመቅደሱ በር ላይ ሽማግሌው ቄስ አባ ፎቲስ ያነባሉ። በዚህ ቀን እያንዳንዱ ቤተሰብ የሙታኑን ስም በቁራጭ ወረቀት ጽፎ ያመጣል፤ ቄሱ ሁሉንም ይጠሩታል። የአባት ስም የለም፣ የክርስትና ስም ብቻ። ረሃቡም ቦምቡም ወረቀቱን ስላበዛው አባ ፎቲስ እየተጣደፉ ነው።

«ማሪጎ፣ ስቴሊዮስ፣ አንድሮኒኮስ፣ ያልተጠመቀች ሕፃን…»

አንዱን ጣሉ። ሌላ አነሡ።

«ፋኑሪዮስ። ሴቫስቲ። ኔክታሪዮስ። ኡራኒያ። ፖሊካርፖስ። ዘኖቪያ። አኪንዲኖስ…»

የቴያኖ ጆሮ ጭው አለ።

በዚህ ሰፈር አኪንዲኖስ አንድ ነው። በመላው ፒሬዎስም ሁለተኛ መኖሩን እንጃ። አያታቸው ከባሕሩ ማዶ ይዘውት የመጡት ስም ነው፤ ትምህርት ቤት ልጆች ይስቁበት ነበር። ደግሞ እሱ ብቻ አይደለም። አናጺው ፋኑሪዮስ። አዋላጇ ሴቫስቲ። ቄሱ ሲቀጥሉ አሥራ አንዱም አሉ። እሷ በታይፕ በመታችበት ተራ፣ አንድም ሳይዛነፍ።

ወደ ተራራ የወጡት።

አንድ ሰው ከሙታን ጋር አስጠርቷቸዋል። መሞታቸውን የሚያውቅ ሰው።

አባ ፎቲስ ሳል ይዟቸው አቋረጡ። ዘማሪዎቹ «መታሰቢያቸው ለዘላለም ይሁን» እያሉ ተቀበሏቸው። ቴያኖ በጎን በኩል ሄደች። ሰው ይሸሻታልና መንገድ አላጣችም። የተነበቡት ወረቀቶች ቅርጫት ውስጥ ናቸው። ሻማ እንደምታቆም ሆና ጎንበስ አለችና የላይኛውን አነሣች።

በወይን ጠጅ ቀለም እርሳስ የተጻፈ ነው። ትንንሽ፣ ወደ ግራ የተጋደሙ ፊደሎች።

ይህን ጽሕፈት ለማወቅ ሁለተኛ ማየት አላስፈለጋትም። ስምንት ወር በሲጋራ ወረቀት ላይ ትእዛዝ ሲጽፍላት፣ እያነበበች፣ እያኘከች ስትውጠው ኖራለች። የደወል እጅ ነው።

ያኔ ሁሉም ነገር ፍንትው ብሎ ታያት። ተራራ የለም። ጋሪ የለም። ቀሚስ ለባሾቹ ሃምሳ ቤት በርብረው ያጡትን ሰው እሷ ታስጠነቅቀዋለች፤ እሱ ከተደበቀበት ወጥቶ በገዛ እግሩ ወደ ጡብ ፋብሪካው ይሄዳል፤ እዚያ ይጠብቁታል። ጥይት አይሰማም፣ አስከሬን አይታይም፣ ሰፈሩም «አመለጠ» ብሎ ደስ ይለዋል። ለዚህ ነው ሻምበል ማላፔታስ ዝርዝሩን ጠረጴዛ ላይ ጥሎላት የሚወጣው። ለዚህ ነው ካርቦን ቆጥሮ የማያውቀው። እሷ «ምን ዓይነት ዝርክርክ ሰው ነው» እያለች ትስቅበት ነበር! እሱ ነበር የሚስቅባት።

ወንድሟን ወደዚያ ወጥመድ የላከችው እሷ ናት።

የዓምዱን ጠርዝ ያዘች። ማልቀስ አማራት፤ እንባው አልመጣም። በጡቷ መሃል አርባ ስም አለ፤ የነሱ ልብ ገና ይመታል።

አባ ፎቲስ ከመቅደሱ በር ጎን፣ ከዓምዱ ጀርባ ከሕዝቡ ዓይን ተሰውረው ውኃ ይጎነጫሉ።

«አባ።»

«አንቺ እዚህ ምን ትሠሪያለሽ? ሂጂልኝ ከፊቴ።»

«አኪንዲኖስ ብለው ጠሩ።»

«ስንቱን እጠራለሁ።»

«ወንድሜ ነው።»

ቄሱ ብርጭቆውን አወረዱ። «ነፍሱን ይማር። መቼ ሞተ?»

«እኔ እንጃ። መርዶውን የነገሩኝ እርስዎ ነዎት፤ አሁን።»

ወረቀቱን ሰጠቻቸው። ከውስጥ ልብሷም ሌላውን አወጣች፤ ጥጉ በደሟ ርሷል።

«ይሄንንም ያንብቡልኝ።»

አባ ፎቲስ መነጽራቸውን አስተካከሉ። ከንፈራቸው እየተንቀሳቀሰ ቁልቁል ሄዱ። «እነዚህ ያሉ ሰዎች ናቸው። ይሄ የክርስትና ልጄ ነው፤ ትናንት ጥርሴን አመመኝ ሲለኝ ነበር።»

«ነገ ጎህ ሲቀድ ይለቀማሉ።»

«ታዲያ አንቺ ምን አገባሽ? ማን ልኮሽ ነው? ሕዝቡን አስደንግጠሽ ወደ ወጥመድ ልትነጂው?»

«ወደ የትም አልነዳም። ወደ ጡብ ፋብሪካው አትሂዱ ይበሉልኝ፤ ሌላ አልጠየቅኩም። ወጥመድ ቢሆን እዚህ ሂዱ እላለሁ እንጂ እዚያ አትሂዱ ምን ያደርግልኛል?»

ሽማግሌው አዩዋት። ጎኗን አዩ። ጫማዋ ላይ የሚንጠባጠበውን አዩ።

«ይሄን ባነብ ይገድሉኛል።»

«አዎ» አለች። ልትዋሻቸው አልፈለገችም።

«ማን ነው የመጀመሪያውን የጻፈው? አሥራ አንዱን?»

«እሱን ለእኔ ይተዉልኝ።»

አባ ፎቲስ የአሥራ አንዱን ወረቀት አጥፈው ቀሚሳቸው ደረት ውስጥ ከተቱት። «ይሄ የሙታን ነው። እኔ ጋ ይቆይ።» ልትቀበላቸው እጇን ዘረጋች፤ በእጇ ያለ ማስረጃ እሱ ብቻ ነው። ግን ዘማሪዎቹ ጨርሰዋል፤ ሕዝቡ ቄሱን ይጠብቃል።

«ሰባ አንድ ዓመቴ ነው» አሉ ሽማግሌው፣ ለራሳቸው በሚመስል ድምፅ። «ይጣደፋል፣ ስም ይውጣል እያሉ ያሙኛል። ዛሬስ ቀስ ብዬ ነው የማነበው።»

ወጡና ቆሙ።

«ሲደሪስ ካልፋስ። መርከብ ቀለም ቀቢ። ከውኃ ጉድጓዱ ማዕዘን።»

አንዲት ሴት ሳቀች። «አባ ጃጁ! ሲደሪስ እኮ ይኸው አጠገቤ ቆሟል!»

ሲደሪስ ግን አልሳቀም።

«ሌዎኒዳስ ጋቭሪል። ኮርቻ ሰፊ። ሁለተኛው መንገድ፣ ቁጥር ዘጠኝ። ኪርያኪ ሙዙሪ። ጥጥ ፈታይ…»

በአምስተኛው ስም ሳሉ ሳቁ ቆመ። በአሥረኛው የሕፃናቱ እናቶች የልጆቻቸውን አፍ ያዙ። የአባት ስም ከነሰፈሩ፣ በሙታን ቀን፣ ለሕያዋን! ማንም ማብራሪያ አልፈለገም። ሦስት ዓመት በወረራ የኖረ ሰፈር ነው፤ እንዲህ ያለ ነገር ይገባዋል። አንዱም አልጮኸም።

«በጡብ ፋብሪካው መንገድ የሄደ አልተረፈም» አሉ አባ ፎቲስ በመጨረሻ። «አሥራ አንዱም ሞተዋል። እግዚአብሔር ነፍሳቸውን ይማር።»

ከኋላ አንዲት እናት ብቻ «ኡራኒያዬን!» ብላ ቁጭ አለች።

ሰው መውጣት ጀመረ። ተራ በተራ፣ ሳይጋፋ። ሥዕሉን ይስማል፣ ከስንዴው ጭብጥ ዘግኖ በመሐረቡ ይቋጥራል፣ ይወጣል። ከደጅ ወዲያ የየትኛው ሰው እግር ወዴት እንደዞረ የሚያውቅ የለም። ግማሽ ሰዓት ያስፈልጋቸዋል። ብዙም አይደለም፣ ግማሽ ሰዓት።

ቴያኖ ወደ ሻማ መሸጫው ዞረች።

ፓንዴሊስ የለም።

ከመሸጫው ጀርባ የሰም ማስቀመጫ ክፍል አለ። ክፍሉ የኋላ በር አለው፤ በሩ በመድኃኒት ቤቱ ግቢ ይወጣል። መድኃኒት ቤቱ ስልክ አለው።

ገብታ በሩን ከኋላዋ ዘጋች። ፓንዴሊስ ከዛገው የኋላ በር መቀርቀሪያ ጋር ይታገላል።

«መርፌ…»

«ስሜን ጥራ።»

«ቴያኖ፣ ልጄ…»

«ልጄ አትበለኝ። ከመቼ ጀምሮ ነው?»

እጁን ከመቀርቀሪያው አላነሣም። «በኅዳር ያዙኝ። ሴት ልጄን ከመኪናው ላይ አወረዱልኝ፤ ወደ ጀርመን ሊወስዷት ጭነዋት ነበር። ምን ላድርግ? ንገሪኝ እስቲ፣ አንቺ ብትሆኚ ምን ታደርጊ ነበር?»

«ካልሲውስ?»

«እ?»

«ለአኪንዲኖስ የሠራሁት ካልሲ።»

ፓንዴሊስ ወደ እግሩ አየ። እሷም አየች። ግራጫ ሱፍ፣ ከጫማው በላይ ብቅ ያለ።

«ብርድ ነው እኮ» አለ።

ቴያኖ ደሟ ሲፈላ ተሰማት። ጥርሷን ነክሳ ያዘችው። «ለምን ጻፍካቸው? ገድለሃቸው ስታበቃ ለምን ስማቸውን አስጠራህ?»

«ያለ ጸሎት እንዴት ልተዋቸው?» ከልቡ ተቆጣ፤ የተሰደበ ይመስል ነበር። «ነፍስ እኮ ነው! ምን መሰልኩሽ አንቺ? አረመኔ ነኝ እንዴ? አንቺም አትመጪም፣ ቄሱም ስም ይውጣሉ፣ ማን ያውቃል ብዬ…» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ስሚኝ። ጀርመኖች ነገ ከነገ ወዲያ ይወጣሉ። ሲወጡ ይህ ሰፈር ይዘለዝልሻል። ንጹሕ መሆንሽን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ። ሌላ ሰው የለም፤ የጽሑፍ ምልክትም የለም። እኔ ከሞትኩ አንቺ የቀሚሶቹ ጸሐፊ እንደሆንሽ ትቀሪያለሽ፣ ለዘላለሙ። ልለፍ። እኔም እመሰክርልሻለሁ።»

እውነቱን ነበር። እሷም አውቃዋለች፤ አባ ፎቲስም ቢሆኑ ስላነበቡ ዛሬውኑ ይገደላሉ።

«ካለፍክ ወዴት ነህ?»

ፊቱን ወደ በሩ መለሰ።

መቀርቀሪያው ተነቃነቀ።

ዘለለችበት። ሰውየው ለዕድሜው ጠንካራ ነው። የናስ መቅረዝ አንሥቶ የተወጋ ጎኗ ላይ አሳረፈባት። ዓለም ነጭ ሆነባት። ወደቀች። መቅረዙ እንደገና ወረደ፤ ትከሻዋን ሰበረው። በሩ ተከፈተ፤ የቀን ብርሃን ገባ። ቁርጭምጭሚቱን ያዘች። በጥርሷም በጥፍሯም ያዘችው። ወለሉ ላይ ተዘረረ፤ አፍንጫው ሲሰበር ሰማችው። በሆዷ እየተሳበች ጀርባው ላይ ወጣች። ጠረጴዛው ስር የሰም መቁረጫ ቢላዋ ወድቋል።

አነሣችው።

አንድ ትንፋሽ ያህል ቆመች። ይህ ሰው ከሞተ ቴያኖ የምትባል ንጹሕ ሴት በዓለም ላይ የለችም። ካልሞተ አርባ ሰው የለም።

«ልጄን…» አለ ፓንዴሊስ።

አንገቱ ላይ ሰካችው። ተንፈራገጠ። ደሙ እጇን አቃጠላት። ሁለተኛ ሰካችው። የሱፍ ካልሲው ወለሉን እየመታ፣ እየመታ፣ ቆመ።

በዚህ ጊዜ የፊቱ በር ተከፈተ።

«ጋሽ ፓንዴሊስ፣ አንድ ሻማ…» ያለችው አሮጊት አፏን እንደከፈተች ቀረች። ከዚያ ጮኸች። «ገደለችው! የቀሚሶቹ ሴት ጋሽ ፓንዴሊስን ገደለችው!»

ቴያኖ በኋላ በር ወጣች።

የግቢውን አጥር ተደግፋ አደባባዩን ስትሻገር ሁለት የጭነት መኪና ደረሰ። ከሕዝቡ መሃል አንድ ጆሮ ጠቢ ሮጦ ነግሯቸዋል፤ እንዲህ ያለ ቀን አንድ አይጠፋም። ቀሚስ ለባሾቹ ዘለው ወረዱ። አባ ፎቲስ ደረጃው ላይ ወጥተው በሩን ሞሉት፤ የስንዴ ሳህን ታቅፈዋል።

«የት የት! በዚያ ጫማ ነው የምትገቡት?» ሲሉ ተሰማ። «እናትህ ያሳደገችህ እንዲህ ነው፣ ጫማ ሳትጠርግ? ደግሞ ስንዴ ቅመሱ። የሙታን ነው፤ እምቢ አይባልም።»

አንዱ ወጣት ወታደር ከልማድ የተነሣ እጁን ዘረጋ። አለቃው በጥፊ መታው። ተጨቃጨቁ። ገፏቸው፤ አልነቃነቅ አሉ። ሁለት ደቂቃ አለፈ። ሦስት።

ተኮሱ።

አምስት ጥይት በደረታቸው ገባ። ወረቀቱ የነበረበት ቦታ ነው። ሳህኑ ደረጃ ለደረጃ እየጮኸ ወረደ።

ቴያኖ ከአጥሩ ጥግ ሆና አየች። እውነቱን ከሚያውቁት ሁለት ሰዎች አንዱን ገድላለች፤ ሌላውን አስገድላለች። ሩብ ሰዓት አልፈጀም። አፏን በእጅጌዋ ይዛ፣ ትከሻዋ ተንጠልጥሎ ወደ ወደቡ ወረደች። የዚያን ዕለት ከሰዓት በኋላ ሽንኩርት የጫነች ጀልባ ከፒሬዎስ ስትወጣ ከጆንያዎቹ መሃል ነበረች።

ከአርባው ሠላሳ ስድስቱ ተረፉ። አራቱ ዕቃቸውን ሊይዙ ቤታቸው ተመልሰው ተያዙ።

ሰፈሩ ገና ሳይመሽ ታሪኩን ሠርቶ ጨርሷል። ምን ይሠራ እንግዲህ? ያየውን ነው የገጣጠመው። ወረቀት የሚሰበስበው ጋሽ ፓንዴሊስ ነው፤ ስለዚህ ዝርዝሩን ከሙታን ወረቀት መሃል የሸጎጠው እሱ ነው። ባንዳዋ ደረሰችበት፤ አረደችው። አባ ፎቲስም ስላነበቡ ሞቱ። አሮጊቷ በዓይኗ አይታለች። ሴቶቹ ሁሉ ያን ጧት ቴያኖ ስትገባ አይተዋል። ለመሆኑ ለስለላ ካልሆነ ለምን መጣች? እነዚያ ሁለቱ የአሣ ተራው ሰዎች ደግሞ «ምነው ያኔ ጨርሰናት ቢሆን» እያሉ ግንባራቸውን መቱ።

ከነጻነት በኋላ የፓንዴሊስ ስም በየዓመቱ በነፍሳት ቅዳሜ ከሁሉ ቀድሞ ይጠራ ጀመር።

አሥራ ሰባት ዓመት አለፈ።

ካቫላ ሰሜን ያለች ከተማ ናት። ከፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት፣ በዛፉ ጥላ ስር፣ አንዲት ሴት ትንሽ ጠረጴዛና የጽሕፈት መኪና ይዛ ትቀመጣለች። ለሰው ማመልከቻ ትጽፋለች። ግራ ትከሻዋ ዝቅ ያለ ነው። እሜቴ ዴስፒና ይሏታል። ባል የላት፣ ዘመድ የላት፣ ከማንም ጋር ክፉ ደግ ተባብላ አታውቅም።

አንድ ቀን ጧት ስልሳ የሚሆነው ሰው መጥቶ ወንበሩ ላይ ተቀመጠ። ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አኖረ።

«ለፒሬዎስ ከተማ ከንቲባ ነው» አለ። «አሳምረሽ ጻፊልኝ። የድሮ ሰፈሬ ሰዎች ሁላችሁም ጻፉ ብለውናል።»

«ጉዳዩ ምንድን ነው?»

«መንገድ በስሙ እንዲሰየምለት። አንድ ሰው ነበር፣ ፓንዴሊስ የሚባል። ዛሬ እዚህ የተቀመጥኩት በሱ ነው። አርባ ነበርን። እኔ ተራ ቁጥር አሥራ ሰባት ነኝ፤ ቄሱ ሲጠሩኝ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። የራስን ስም ከሙታን መሃል መስማት ምን ማለት እንደሆነ አታውቂም፣ እሜቴ።»

ሴትየዋ ወረቀት አስገባች። እሱ ሲናገር እሷ መታች። ስለ ስንዴው ነገራት፣ ስለ አባ ፎቲስ ነገራት። መሃል ላይ አቁሞ አፍንጫውን ጠረገ። እስኪረጋጋ ጠበቀችው።

«ከዚያ እንዲህ በይ። ‹በባንዳዋ ጸሐፊ እጅ በግፍ ተገደለ።›»

መታችው።

«ስሟ ይግባ?» አለች።

«ይግባ እንጂ! ልጆቻችን ይወቁት። ቴያኖ ቭሬቱ ትባላለች። የት እንደገባች እንኳ አልታወቀም። ውሻ በልቷት ይሆናል።»

የሴትየዋ ጣቶች ፊደሎቹን አንድ በአንድ አገኟቸው። ቴያኖ። ቭሬቱ። ይህን ስም ከነካች አሥራ ሰባት ዓመቷ ነው። ሁለቱን ቃላት መታ ስትጨርስ እጇ ትንሽ ዕረፍት አደረገ። ሰውየውን ቀና ብላ አየችው። ፂሙን ሲላጭ አገጩ ላይ ቆርጦታል። ከኮቱ ኪስ የልጅ ከረሜላ አጮልቆ ይታያል።

«ልጆች አሉዎት?» አለችው።

«አምስት!» ፊቱ በራ። «የልጅ ልጅ ደግሞ ዘጠኝ። ትንሿ በዚህ ሳምንት መሄድ ጀመረች። ወደቀች ተነሣች፣ ቤቱን አመሰችው። ምነው ጠየቅሽኝ?»

«እንዲሁ ነው። ያሳድግልዎት።»

«አሜን፣ አሜን።»

ወረቀቱን ከመኪናው አወጣች። ቀለሙ እስኪደርቅ እፍ አለችበትና ወደሱ ገፋ አደረገችው።

«እዚህ ጋ ይፈርሙ» አለች።